ሁለት ደቂቃ ትርፍ

በአውቶቡስ ማቆሚያው ጥግ ካሴት የምትቀዳ ሴት ነበረች፤ ሰፈሩ «ቀጂዋ» ይላታል። ዜና ለመስማት ሬዲዮ አትከፍትም። ልጆች ለጦር ሜዳ ሲጫኑ የስንብት ዘፈን ክሩ እስኪበጠስ ይቀዳል። ሹም ሊወርድ ሲል ደግሞ ውዳሴውን የሚያስቀዳ ይጠፋል። በዚህ በዚህ ጋዜጣውን በሳምንት ትቀድመው ነበር።

አንድ ነገር ግን ከሆዷ አልወጣም። ታናሽ ወንድሟ ስለ ዳቦ ሰልፍ ያወጣውን ዘፈን አገር ምድሩ ሲያዜመው፣ «መረዋ» የሚባለው የሹማምንት አወዳሽ ዘፋኝ «ሕዝብ ተስፋ ያስቆርጣል» ብሎ ለሹሞቹ ጻፈበት። ዘፈኑ ታገደ። ወንድሟ የመጋዘን ዘበኛ ሆኖ ቀረ፤ ማንጎራጎር እንኳ ተወ። ቂም ይዞ ጸሎት አይሆንም ይባላል፤ እሷም ቂሙን ያዘችና ጸሎቱን ተወችው።

መንግሥት ተገለበጠ። ሳምንት ሳይሞላ መረዋ የወደቀውን መንግሥት ያወደሰባቸውን ያልተሸጡ ካሴቶቹን በሁለት ካርቶን አሸክሞ ከች አለ።

«እህቴ፣ እነዚህን አጥፊና አዲሱን ዘፈኔን ቅጂባቸው። ነገ በአዳራሹ ለአዲሶቹ አለቆች ይታደላል።»

«ሌላ ነገር ልጨምርበት ጋሼ?»

«ምንም! የኔ ድምፅ ብቻ።»

አሮጌው ዘፈን ስድስት ደቂቃ ነው፣ አዲሱ አራት። ማሽኑ እስከ መጨረሻው ካልሮጠ የአሮጌው ጭራ ሳይጠፋ ይቀራል። ለሌላው ሰው ሁሉ ታስሮጣለች። ያን ቀን ግን አራተኛው ደቂቃ ላይ ቀጭ! ሌላውንም ቀጭ! ሁለቱን ካርቶን እስኪያልቅ።

በማግስቱ በአዳራሹ ካሴቱ ተከፈተ። «ነፃ አውጪዎቻችን» ሲል ተጨበጨበ። ጭብጨባው ሳይበርድ ያው ድምፅ ቀጠለ፦ «የጫካ አይጦች፣ ጉድጓዳችሁ ይደፈን!»

ከጫካ የመጡት አለቆች ፊት ለፊት ተደርድረዋል። ካሴቱን ሊያጠፋ የሮጠውን ሰውዬ አንደኛው በእጁ አቆመው። «ተው፣ ይጨርስ» አለ።

ከሰዓት በኋላ መረዋ እያለከለከ መጣ፤ የድሮው መንግሥት የሰጠው መኪና እዚያው አዳራሹ በር ላይ ተወስዶበታል።

«ምን በድዬሽ ነው አንቺ ሴትዮ?»

«ኧረ ጋሼ! ‹የኔ ድምፅ ብቻ› አላሉኝም? የሌላ ሰው ድምፅ ሰሙበት?»

መረዋ ወጥቶ ከአውቶቡስ ጠባቂዎቹ ኋላ ተሰለፈ። እሷ ድምፅ ማጉያውን ወደ መንገዱ አዞረችና ለዓመታት የደበቀችውን የወንድሟን የዳቦ ሰልፍ ዘፈን ለቀቀችው። ሰልፈኛው ተቀበለው፤ ከመረዋ ፊት የቆመችው ሴትዮ ዞር ብላ «ምነው አባቴ፣ ግጥሙን አያውቁትም እንዴ?» አለችው።

አውቶቡሱ ያን ቀን ዘገየ። ቀጂዋም ዘፈኑ ባለቀ ቁጥር እየመለሰች ከፈተችው።