ግማሽ ያልነው ዕዳ

ለአሥር ዓመት የራሴን ቤት በር እያንኳኳሁ ነው የገባሁት። አንኳኩቼ፣ «ማን ነው?» ተብዬ፣ ገብቼ ደግሞ «አረፍ በይ እንጂ» ተብዬ። ቤቱ ሲኤምሲ ነው፤ ሦስተኛ ፎቅ፣ ሁለት መኝታ፣ ሳሎኑ ወደ መንገዱ የሚያይ። የተመዘገበው በእኔና በባለቤቴ ስም ነው፤ የሚኖሩበት ግን ተከራዮቻችን ነበሩ። እኛ ሃያ ሁለት አካባቢ፣ ከአንድ ቪላ ጀርባ፣ ሰርቪስ ቤት ተከራይተን እንኖር ነበር። ይሄ እብደት ነው የምትሉኝ ካላችሁ አዲስ አበባ አልኖራችሁም ማለት ነው። በእኛ መሥሪያ ቤት ብቻ እንዲህ የሚኖር ሰው ሞልቷል።

ነገሩ የተጀመረው በልጄ ምክንያት ነው። ያኔ ሰባት ዓመቷ ነበር፤ የምንኖረው አንድ ክፍል ውስጥ ነው፤ የምትተኛውም በእኔና በአባቷ መሃል። አንድ ቀን ከክፍል ጓደኛዋ ልደት ስትመለስ፣ ገና ቦርሳዋን እንኳ ሳታወርድ፣ «እማ፣ የኔ ክፍል የት ነው?» አለችኝ። ጓደኛዋ የራሷ ክፍል አላት፤ በሩ ላይ ስሟ ተጽፏል፤ እሷም የራሷ የሚኖራት መስሏት ነው። ምን ልበላት? «ይመጣል» አልኳት። ማታ ለባለቤቴ ነገርኩት።

እሱ የመንግሥት ሠራተኛ ነው፤ እኔ ወሎ ሰፈር የመኪና መለዋወጫ የሚሸጥ ሱቅ ውስጥ ገንዘብ ያዥ ነኝ። የቆጠብነውን ሰጥተን፣ ወርቄን ሸጠን፣ ቀሪውን ከባንክ በሃያ ዓመት ተበደርንና ቤቱን ገዛን። ቁልፉን የተረከብን ቀን ልጄን ይዘናት ሄድን። ባዶ ቤት ውስጥ ስትሮጥ ድምፅዋ ያስተጋባ ነበር። ትንሹን ክፍል መረጠች፤ አልጋዋ በየት በኩል እንደሚሆን በእጇ አሳየችን። «መቼ ነው የምንገባው?» አለች። «ትንሽ ቆይተን» አልናት።

የባንኩ ወርሃዊ ክፍያ ከሁለታችን ደመወዝ የአንዱን ጠራርጎ ነበር የሚወስደው። የትምህርት ቤት ክፍያ አለ፤ የእኔ እናትና የሱ አባት አሉ፤ መብላትም አለ። ምክር የማይሰጥ ሰው አልነበረም፤ ሁሉም የሚለው ደግሞ አንድ ነገር ነው፦ «አከራዩት! ቤቱ ራሱ ዕዳውን ይክፈል፤ እናንተ ለጊዜው የሆነች ሰርቪስ ፈልጉ።» እኛም አከራየን። ያቺ «ለጊዜው» የምትባል ቃል ያስረጀችው ሰው ብዛቱ!

እንደዚያም ሆኖ ዕቅድ ነበረን፤ ዝም ብለን አልተቀመጥንም። አሥረኛው ዓመት ላይ ዕዳው ግማሽ ይደርሳል፤ እስከዚያ እንቆጥባለን፤ የኔን ዕቁብ፣ የሱን ቁጠባ፣ ከወንድሙም ትንሽ ጨምረን ግማሹን ባንዴ እንዘጋና እንገባለን። ግማሽ የሚለውን ከየት እንዳመጣነው ልንገራችሁ። በሱቃችን አካባቢ ያለውን ዕቁብ የምጽፈው እኔ ነኝ። ዕቁብ ላይ ሰው መጀመሪያ ሳምንት ወጣለት፣ መጨረሻ ላይ ወጣለት፣ የሚጥለው ያነሣውን ያህል ነው። ግማሹን ሳምንት የጣለ ግማሽ ቀረው፤ አለቀ። የባንኩም ነገር ለኔ ዕድሜው የረዘመ ትልቅ ዕቁብ ነበር። ቀድሞ የወጣልን ስለሆነ ወለድ የምትባል ጥቂት ነገር ይጨምሩብናል፤ ከዚያ ውጪ ወር በገፋ ቁጥር ዕዳው እኩል እኩል ይጎድላል ብዬ አምኜ ነበር። ባለቤቴም እንደዚያው። ስንፈርም አንድ ከረባት ያሰረ ሰው ስለ ወለዱ አሳስቦ በፍጥነት አስረድቶናል፤ እኛም ራሳችንን ነቅንቀናል። እናቴም ከጎናችን ብትሆን፣ ጎረቤቶቼም ቢሆኑ፣ በዕቁብ ያደገ ሰው ሁሉ እንደኛው ነበር የሚነቀንቀው።

ሰርቪሷ ክፉ አልነበረችም። የግቢው ባለቤት እትዬ እንላቸው የነበሩ ባልቴት ናቸው፤ ደግ ናቸው፤ ግን ውኃ ሲከፈት ከመስኮታቸው ሆነው ይሰሙታል፤ እንግዳ ሲበዛብን «ዛሬ ምን አላችሁ?» ይላሉ። የልጄን አልጋና የእኛን የሚለየው መጋረጃ ነው። ልጅቷ እዚያ አደገች። ጡት አወጣች፤ የወር አበባዋን አየች፤ ስታለቅስ አልጋዋ ላይ ፊቷን ትራስ ውስጥ ቀብራ ነው። ጓደኛ ይዛ አትመጣም ነበር። «ለምን አትጠሪያቸውም?» ስላት «ካፌ ይሻላል» ትለኛለች። ደሜ ይፈላል፤ ግን በማን ላይ ልጩህ?

አሥረኛው ዓመት ሲደርስ ደስታዬን አትጠይቁኝ። ዕቁቡ እንዲወጣልኝ ተራዬን ለምኜ አስቀድሜያለሁ። ለተከራዮቹ ከሦስት ወር በፊት ልንገባ እንደሆነ ነግረናቸዋል። የሠፈር ሰው እንኳን ደስ ያላችሁ ብሎናል። ለልጄ ክፍል የአልጋ ልብስ ገዝቻለሁ፤ ሃያ ጊዜ ገበያ ወጥቼ። ባለቤቴና እኔ ፈቃድ ወስደን፣ ለሠርግ እንደሚሄድ ሰው ለባብሰን ባንክ ሄድን።

የብድር ክፍሉ ሠራተኛ ወጣት ናት፤ ትሑት። «ግማሹን ስለጨረስን ቀሪውን ባንዴ ልንዘጋው ነው የመጣነው» አልኳት፤ ደረቴን ነፍቼ።

ኮምፒውተሯን አየች። እንደገና አየች። «የጨረሳችሁት የዓመታቱን ግማሽ ነው» አለችኝ። «ዕዳው ግን ገና ነው። ከተበደራችሁት ከአምስት እጅ አራቱ አለ።»

«የምን አራት እጅ?»

«ዋናው ብድር። ያልተከፈለው።»

«ኧረ በሕግ አምላክ! አሥር ዓመት ሙሉ አንድ ወር ሳናሳልፍ ከፍለን?» ድምፄ ከፍ ብሎ ኖሯል፤ ወረፋ የሚጠብቀው ሰው ሁሉ ዞረ። ባለቤቴ ክንዴን ያዘኝ።

ሠራተኛዋ አልተቆጣችም። ወንበሯን ጠጋ አድርጋ ዝግ ብላ አስረዳችን። «ከየወሩ ክፍያችሁ መጀመሪያ የሚነሣው የዚያ ወር ወለድ ነው። ከዋናው የሚቀነሰው የተረፈው ነው። መጀመሪያ ላይ ዋናው ትልቅ ስለሆነ ወለዱም ትልቅ ነው፤ የሚተርፈው ጥቂት ነው። ወደ መጨረሻው ዓመታት ሲደርስ ነው ነገሩ የሚገለበጠው። ዋናው በብዛት የሚወርደው ያኔ ነው።»

«እስካሁን የከፈልነውስ ስንት ሆነ?» አለ ባለቤቴ።

«ከተበደራችሁት በላይ ከፍላችኋል። አብዛኛው ግን ወለድ ነው።»

«ሃያው ዓመት ሲያልቅስ?»

ኮምፒውተሯን ዳግም አየች። «የተበደራችሁትን ሦስት እጥፍ ያህል ትከፍላላችሁ» አለች።

ወጥተን አንዲት ካፌ በረንዳ ላይ ተቀመጥን። ያዘዝነው ማኪያቶ ሳንነካው ቀዘቀዘ። በሕይወቴ ገንዘብ ስቆጥር የኖርኩ ሴት ነኝ፤ በቀን ስንት ሰው ሒሳብ አወራርዳለሁ፤ የራሴን ቤት ሒሳብ ሳላውቀው አሥር ዓመት አለፈ። አፈርኩ። ከዚያ ተናደድኩ። ባለቤቴ ረጋ ያለ ሰው ነው፤ ቤት ቢቃጠል እንኳ መጀመሪያ ጫማውን የሚያስር። «አልከሰርንም እኮ» አለኝ። «ብሩ ወድቋል፤ ቤቱ ግን ስንት እጥፍ ጨምሯል። ዛሬ ብንሸጠው ዕዳውን ከፍለን ብዙ ይተርፈናል። ኪራዩም ክፍያውን አልፎ የልጅቷን ትምህርት ቤት እየሸፈነ ነው። ትንሽ እንታገሥ።»

እውነቱን ነው። በብር ከሄድን አትርፈናል፤ መሥሪያ ቤትም የነገርኩት ሰው ሁሉ «አንቺማ ዕድለኛ ነሽ» ነው ያለኝ። ይህን አልክድም። ግን «ትርፉን ማን ኖረበት?» አልኩት።

ከብዙ ክርክር በኋላ ተከራዮቹ እንዲቆዩ ልንነግራቸው ወሰንን። እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ ሦስታችንም ሄድን። አንኳኳሁ። የተከራያችን ሚስት ከፈተችልኝ፤ ሳሎኑ በካርቶን ተሞልቷል። «ሰሚት ቤት አግኝተናል፤ ቅድሚያም ከፍለናል» አለችኝ ገና አፌን ሳልከፍት። ቅር አላላትም፤ እንዲያውም ቤቱን እያዞረች ታሳየኝ ጀመር። የመታጠቢያ ቤቱ ቧንቧ ቀስ ተብሎ ነው የሚዞረው። የመኝታ ቤቱ መስኮት በክረምት ይጠብቃል። «ጠዋት ጠዋት ፀሐይ ወጥ ቤት ትገባለች፤ ደስ ትልሻለች» አለችኝ። የራሴን ቤት ፀሐይ በየት በኩል እንደምትገባ ሰው ሲነግረኝ፣ እመኑኝ፣ የምቆምበት ጠፋኝ። ልጄ ትንሹን ክፍል በር ላይ ቆማ አየችው፤ አልገባችም። የተከራዮቹ ልጆች ልብስ አልጋው ላይ ተከምሯል።

ደረጃውን ስንወርድ ባለቤቴ ደላላ ጋ ደወለ። ሰውዬው በማግስቱ ተከራይ ይዞ እንደሚመጣ፣ ያውም ካሁኑ በሚበልጥ ኪራይ፣ ቃል ገባ። ታክሲ ውስጥ እኔና ልጄ ከኋላ ተቀመጥን፤ አባቷ ጋቢና ገባ። ልጄ እጄን ያዘችና «እማ፣ አትናደጂ» አለችኝ። «ለሌላ አከራዩት። እኔ እኮ በሚመጣው ዓመት ዩኒቨርሲቲ ልገባ ነው። ጎንደር ይድረሰኝ ጅማ አይታወቅም። ለአንድ ዓመት ብላችሁ ለምን ትቸገራላችሁ?»

ልታጽናናኝ ነው። ባንክ ቤት አራት እጅ ይቀራል ስባል የጮህኩት እኔ፣ ይህን ስሰማ እጇን ጠበቅ አድርጌ ያዝኩ። ዕዳው ገና አሥር ዓመት አለው፤ ልጄ ግን የቀራት አንድ ነው። ያንን ቤት የገዛነው ለማን ነበር? ሰባት ዓመቷ ላይ የጠየቀችኝን ክፍል አሥራ ሰባት ዓመቷ ላይ እሷው ተወችልኝ፤ «አያስፈልገኝም» አለችኝ። ባንኩ ከኛ የወሰደው ይሄንን ነው፤ በየትኛውም ኮምፒውተር ላይ አይታይም።

በማግስቱ ጠዋት ደላላው ደወለ። «እመቤት፣ ሰው ይዤ እየመጣሁ ነው።»

«ቤቱ ተይዟል» አልኩት።

«በስንት ተያዘ?»

«በሦስት እጥፍ።»

«ወይ ጉድ! ማን ነው የያዘው?»

«እኔ» ብዬ ዘጋሁት።

ባለቤቴ ሰምቶ ትንሽ አጉረመረመ፤ ከዚያ ሄዶ የዕቃ መኪና ዋጋ ጠየቀ። ያወጣሁት ዕቁብ ዕዳ መዝጊያ መሆኑ ቀርቶ የዚያ ዓመት የባንክ ክፍያ ሆነ። ሥጋ ከበዓል በቀር ቀረ። ወንድሙ «ሞኞች ናችሁ፤ የሚገባ ገንዘብ እያላችሁ» አለን፤ ይበል። እትዬ ስንወጣ አልቅሰው መረቁን። ዕቃችን ያንን ሁሉ ዓመት ታጭቆ ኖሮ እዚያ ቤት ሲገባ ግማሹ ሳሎን ባዶ ቀረ።

የልጄን ክፍል እኔና እሷ ቀባነው። አልጋዋን በመስኮቱ በኩል አደረግን፤ አዲሱን የአልጋ ልብስ አነጠፍኩላት። በሩን ከፍታ ዘጋችው፤ እንደገና ከፍታ ዘጋችው፤ ሳቀች። እልል ማለት ነበር የቀረኝ። «በይ ደህና እደሪ፤ ዛሬ እንደ ሰው በርሽን ዘግተሽ ተኚ» ብያት ሄድኩ።

ጠዋት ስነሳ የመኝታ ቤታችን በር አልከፈት አለኝ። ገፋ ሳደርገው ልጄ ናት፤ ፍራሿን ጎትታ አምጥታ በራችን ሥር አንጥፋ ተኝታለች። ደነገጥኩ። «ምነው? አመመሽ?» አልኳት።

ዓይኗን አሸች። «አላመመኝም። ክፍሉ በጣም ያምራል፣ እማ» አለችኝ፤ እንዳላዝንባት እየተጠነቀቀች። «ግን አይሰማም። አባዬ ሲያስል፣ አንቺ ስትገላበጪ ካልሰማሁ እንቅልፍ አይወስደኝም። አልለመድኩም።»

እዚያው ፍራሹ ላይ ቁጭ ብዬ አለቀስኩ፤ እሷ ታባብለኝ ጀመር። በሚቀጥለው ቀን ፍራሹን ወደ ክፍሏ መለስነው፤ በሮቹን ግን አልዘጋናቸውም። ጅማ ደርሷት እስክትሄድ ድረስ፣ ሦስት እጥፍ የምንከፍልበት ቤት ውስጥ፣ የእሷንም የእኛንም በር ከፍተን ነው የተኛነው።