ከዘራዬን ቤት ትቼ የሄድኩበት ሽምግልና

ሠላሳ ዓመት ያህል በፊልምና በድራማ ሠርቻለሁ፤ ፎቶዬ ግን አንድም ፖስተር ላይ ወጥቶ አያውቅም። አይቆጨኝም። ዋናው ተዋናይ በየጊዜው ይቀየራል፤ ዘበኛው፣ ዳኛው፣ «የምንችለውን ሁሉ አድርገናል» የሚለው ሐኪም ግን እኔው ነኝ። መካኒሳ አቦ ታክሲ ውስጥ ስገባ ስሜን የሚያውቅ የለም፤ «እኚህን ሰውዬ የት ነው የማውቃቸው?» የማይል ግን ጥቂት ነው።

ከሁሉም የተካንኩት በሽማግሌነት ነው። ልጅ ለጋብቻ የሚጠይቅ ሽማግሌ ሲያስፈልጋቸው ዳይሬክተሮች የሚደውሉት ለእኔ ነው። ጋቢውም ከዘራውም የራሴ ናቸው። ገብቼ እጠይቃለሁ፣ ልጅቷን ይሰጡኛል፣ ሥራዬ እዚያ ላይ ያልቃል። ለሠርጉ ቀረጻ ጠርተውኝ አያውቁም።

እናም የወንድሜ ልጅ «አባዬ፣ ሽማግሌ ሁነኝ» ሲለኝ ሳቄ መጣ። «ይሄማ የእንጀራዬ ሥራ ነው፣ እንቅልፍህን ተኛ» አልኩት። ወንድሜ የሞተው ልጁ አራት ዓመት ሳይሞላው ነው፤ ያሳደግኩት እኔ ነኝ። የወደዳትን ልጅ ካላገኘ ሌላ እንደማይፈልግም ዐውቃለሁ።

እሁድ ጠዋት ከሁለት ጎረቤቶቼ ጋር ፉሪ ሄድን። ልጁ አስፋልቱ ዳር መኪና ውስጥ ሆኖ ይጠብቀናል። የልጅቷ አባት ጡረታ የወጡ መምህር ናቸው። ቤት አስገብተው ወንበር ቢያሳዩንም፣ እንደ ወጉ ጉዳያችን ሳይሰማ አንቀመጥም ብለን ቆምን። እኔ ጋቢዬን አስተካክዬ፣ ከዘራዬን ተደግፌ፣ ያንን ወፍራም ድምፄን አወጣሁ።

«ከደጅዎ የቆምነው ክብርዎን ሰምተን ነው። የአብራክዎን ክፋይ ለልጃችን...»

አላስጨረሱኝም። «ይቺን ንግግር ባለፈው ሳምንት በቴሌቪዥን ሰምቻታለሁ» አሉ። «ከዘራዋም ይቺው ናት። ልጁ ዘመድ የለውም እንዴ? ተከራይቶ ነው የላካችሁ?»

በከተማችን ሽማግሌ የሚከራይ ሰው እንዳለ እኔም እሰማለሁ። ግን እኔን! ደሜ ፈላ። መልስ ብፈልግ ወደ አፌ የመጣው ሁሉ ሌላ ሰው የጻፈልኝ ነው። ጎረቤቶቼ ዓይን ዓይኔን ያያሉ። የዚያን ልጅ ትዳር በራሴ ጋቢና በራሴ ከዘራ ላበላሸው እንደሆነ ገባኝ።

ከዘራውን ግድግዳው ላይ አስደገፍኩት።

«ጌታዬ፣ ተከራይቶ አላመጣኝም፣ አጎቱ ነኝ። አባቱን ከቀበርን ጀምሮ እኔ ክንድ ላይ ነው ያደገው። ፊልም ላይ ስጠይቅ እንደሚሰጡኝ አስቀድሜ ዐውቃለሁ፣ ተጽፏል። ዛሬ ግን ምን እንደሚሉኝ አላውቅም። ፈርቻለሁ።»

ድምፄ ተንቀጠቀጠ። ቀረጻ ቢሆን ይደገም ይሉኝ ነበር።

መምህሩ ወንበሩን ወደ እኔ ሳብ አደረጉት። «እንግዲህ ቁጭ በሉ» አሉ። የሁለት ሳምንት ቀጠሮም ሰጡን። ስንወጣ ከዘራዬን እያቀበሉኝ «ሲመለሱ ይቺን ቤት ይተዋት» አሉኝ።

በቀጠሮው ቀን ቤት ትቻት ሄድኩ። ለካስ መምህሩ በመሀሉ ሰፈራችን ድረስ መጥተው ስለ ልጁም ስለ እኔም ጠይቀዋል። ልጃቸውን ሰጡን። እስከ በሩ ሲሸኙን ጠጋ አሉኝና፣

«ለመሆኑ ያ ፊልም ላይ የጠየቋት ልጅ ሠርጓ እንዴት ሆነ?» አሉኝ።

«እኔ እንጃ። አንዴ ከተሰጠችኝ በኋላ ማንም አይፈልገኝም። የአንዳቸውንም ሠርግ አላየሁም።»

ሳቁ። ከዘራ የለመደውን እጄን ያዝ አደረጉና «የዚህችን ግን ከአጠገቤ ተቀምጠው ያዩታል» አሉኝ።