የገመዱ ጫፍ

ቻላቸው የሚባለው የማንኩሳ ዙሪያ ገበሬ በሕይወቱ ያነበበው ልብ ወለድ አንድ ብቻ ነው። እሱንም ቢሆን ወዶ አልገዛውም፤ ደርግ ሊወድቅ ሲል ከቤቱ ተከራይቶ ይኖር የነበረ አስተማሪ በጥድፊያ ሲሄድ አልጋ ሥር ረስቶት የሄደ ነው። ሽፋን የለውም፤ የመጨረሻ ገጾቹን ደግሞ አይጥ በልቷቸዋል። ስለዚህ ስሙም መጨረሻውም አይታወቅም። ቻላቸው በመሠረተ ትምህርት የቆጠራትን ፊደል ይዞ ክረምቱን ሙሉ ሲታገለው ከረመና በቃሉ ያዘው።

መጽሐፉ ስለ አንድ የሌለ አገር ነው። በዚያ አገር በየማለዳው ደወል ይደወላል፤ ሕዝቡ አደባባይ ወጥቶ፣ ምን እንደተጠየቀ እንኳ ሳይሰማ፣ እጁን ያወጣል። አንድ ቀን አንዲት ሴት እጇን ሳታወጣ ትቀራለች። ሹሞቹ ከበው ሲያፋጥጧት፣ “እኔ እፈራለሁ፤ እጄ ግን የኔ ናት፣ ለፍርሃቴ አላውሳትም” ትላቸዋለች።

ይቺን ቃል የቻላቸው አገር ሰው ሁሉ ወደዳት። ሰንበቴ ላይ ጠላ ሲቀዳ “እስቲ ያችን ሴትዮ አምጣት” ይሉታል፤ እሱም ጉሮሮውን ጠራርጎ ያመጣታል። ሽማግሎቹ ሴት መሆኗን እያወቁ “ወይ ወንድ!” ይላሉ። ጎረቤቱ አልጣሽ ጭራሽ ባሏ አንድ ነገር ባዘዛት ቁጥር እጄ የኔ ናት ማለት ጀመረችና ቤቱን በጠበጠችው። እንግዲህ ይህን ያህል ደፋር አገር ከወዴት ይገኛል?

ከዚያ በሰማንያ ዘጠኝ የመሬት ድልድሉ መጣ። በደርግ ጊዜ ሥልጣን ነበረው የተባለ ሁሉ “ቢሮክራሲ” ነው ተባለ፤ ቢሮክራሲ የሆነ ሰው አራት ጥማድ ይቀርለትና ሌላው መሬቱ ለሌላ ይሰጣል። ቃሉን ከዚያ በፊት ሰምቶት የሚያውቅ ገበሬ አልነበረም፤ ትርጉሙ ግን ወዲያው ገባው።

ከተጠሩት አንዱ ባዬ ነው። ሥልጣኑ ምን ነበር ብትሉ፣ የገበሬ ማኅበሩ ጽሕፈት ቤት ዘበኛ ነበር። በር ይጠብቃል። ዝጋ ሲሉት ይዘጋል፣ ክፈት ሲሉት ይከፍታል፤ ሌላ ነገር አያውቅም። ከቻላቸው ጋር እኩያሞች ናቸው፤ ግን አይነጋገሩም። የባዬ በሬ የቻላቸውን ጤፍ ከበላ ወዲህ ቤተ ክርስቲያን እንኳ የሚቆሙት ተራርቀው ነው። ይህን የምነግራችሁ ቻላቸው ባዬን እንደማይወደው እንድታውቁልኝ ነው። ጭራሽ አይወደውም።

ስብሰባው ላይ ከፍኖተ ሰላም የመጣው ካድሬ፣ ባዬ ቢሮክራሲ ነው የምትሉ እጃችሁን አውጡ አለ። ሁሉም አወጣ። ቻላቸውም አወጣ። ከሚደለደለው መሬት ሁለት ጥማድ ለልጁ ለናሁሰናይ ሊደርሰው ነው፤ ልጁ አግብቶ መሬት የለውም፣ ምራቱም እርጉዝ ናት። ሚስቱ እታለም ጠዋት ስትሸኘው አንድ ነገር ብቻ ነው ያለችው፤ አፍህን ዝጋ። አፉን ዘጋ።

በሚቀጥለው እሑድ ሰንበቴ ላይ ያችን ሴትዮ አምጣት ሲሉት ዓይኔን አሞኛል አለ። በቃሉ እንደሚወጣት ሁሉም ያውቃል፤ ግን ማንም አልተከራከረውም። ጠላውን ጠጥተው ስለ በሽታ አወሩ።

መሬት የሚለካው በገመድ ነው፤ ሁለት ሰው ከወዲህና ከወዲያ ወጥሮ ይይዘዋል። አንዱን ጫፍ ይርሳው የሚባል የኮሚቴ አባል ያዘ። ሌላውን፣ ፊደል የቆጠረ ነው፣ አያጭበረብርም ተብሎ ለቻላቸው ተሰጠ። የሌላውን ሰው ማሳ ሁሉ ሲለካ ሰነበተ። ሐሙስ ዕለት ከባዬ ማሳ ደረሱ፤ ወንዝ ዳር ካለው፣ ሽንብራው ገና ካልተነቀለው። ባዬ ማሳው ጫፍ ላይ ጋቢውን ተከናንቦ ቁጭ ብሏል።

ካድሬው በል ወጥር አለ። ቻላቸው ገመዱን መሬት ላይ አኖረው። ጣለው አይባልም፤ ዕቃ እንደሚያስቀምጥ ሰው ጎንበስ ብሎ ነው ያኖረው።

ምን ሆነህ ነው? ሲለው ያችን ቃል ሊያወጣት አፉን ከፈተ። ያን ሁሉ ሰንበቴ ያሞቀች ቃል አልመጣ አለችው። በእሷ ፋንታ እታለም ፊቱ ላይ ድቅን አለች። የመጣለትን ተናገረ።

“ባዬ ዘበኛ ነበር። የዚህን ሰው መሬት እኔ አልለካም።”

ካድሬው አልተቆጣም፤ ቢቆጣ ይሻል ነበር። እንግዲያው የልጅህ ድርሻ ቀርቷል ብሎ ረጋ ብሎ ነገረውና ወደተሰበሰበው ሰው ዞረ። ማን ይይዛል? አንዱ ወገቤን አለ። አንዱ ተዝካር ተጠርቻለሁ አለ። አንዱ ደግሞ ከብቶቼ ከሰው እህል ገቡ ብሎ፣ አንድም ከብት በማይታይበት ሜዳ ላይ ሮጠ። እምቢ ያለ የለም፤ ሁሉም በትሕትና ነው የሚያፈገፍገው። ገመዱ እንደተጋደመ ቀረ። ቻላቸው ይህን ሲያይ ልቡ በደስታ ሞላ፤ እንዲህ ደስ ብሎት አያውቅም። ለካ መጽሐፉ እውነቱን ነው፣ ለካ አንድ ሰው ይበቃል ብሎ አሰበ።

ካድሬው ዙሪያውን ቃኘና ዓይኑ ማሳው ጫፍ ላይ አረፈ።

“አንተ፣ ና ያዝ” አለው ባዬን።

ባዬ ተነሣ። ጋቢውን አጣፋና መጥቶ የገመዱን ጫፍ አነሣ። ዕድሜውን ሙሉ ያዝ ሲሉት የያዘ፣ ልቀቅ ሲሉት የለቀቀ ሰው ነው። ገመዱ መሃሉ ላይ መርገቡን ሲያይ ጭራሽ ይርሳውን፣ “ወጠር አድርገው እንጂ፣ እንዲህ ከሆነ ልክ አይመጣም” አለው። የሚለካው እኮ የገዛ መሬቱ ነው።

ቻላቸው ይህን አየ። ጥሎ ሊሄድ ይችል ነበር። ቢሄድ ኖሮ አልለካም ብሎ የሄደው ሰው እየተባለ እስከ ዛሬ ይወራለት ነበር፤ አገሩ ለእንዲህ ያለ ወሬ ሁልጊዜ ጠላ አለው። አልሄደም። ወደ ባዬ ተጠጋና ገመዱን ከእጁ አጠገብ ያዘው።

“አምጣ ባዬ። አንተ አትያዘው፤ እኔ እይዘዋለሁ።”

ባዬ ወዲያው አልለቀቀም። ከዚያ ለቀቀ።

ካድሬው እንዲህ ነው እንጂ ብሎ ሳቀ፤ የናሁሰናይን ድርሻ ግን አልመለሰም። ቻላቸው ገመዱን እንደያዘ ማሳውን እስከ ወንዙ ለካው። ባዬ ከኋላ ከኋላው እየተከተለ ለወሰን የሚሆን ድንጋይ ያቀብለው ነበር።