አጎቴ የሰረዙት ንግግር

አጎቴ ብዙ ዓመት ተውኔት የጻፉት ሌሎች እንዲያዘጋጁት ነበር። አዘጋጆቹ ከጽሑፋቸው አንድ ቃል በሰረዙባቸው ቁጥር ሹም አቦ ሰፈር ወዳለው ቤታቸው ገብተው ራት ሳይበሉ ያድራሉ። በመጨረሻ እኔም የነበርሁበት የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካው ኪነት ቡድን ሰብሳቢ፣ «እንግዲያው ራስዎ ያዘጋጁት። ካልሠመረ ግን ወደ ብዕርዎ ይመለሳሉ» አላቸው።

ተውኔቱ ልጇ ከዘመቻ ስለተመለሰላት አንዲት የደቅ ደሴት እናት ነበር። መጨረሻ ላይ እናትየዋ የምትናገረውን ረጅም ንግግር ከጻፉት ሁሉ አብልጠው ይወዱት ነበር። በሚታይበት ቀን ጣና ዳር ስንለማመድ ግን እዚያው ላይ አስቆሙን።

«ንግግሩ ይቅር። ዝም ብለሽ የከስክስ ጫማውን ክር ፍቺለት።»

እናት ሆና የምትጫወተው የፈትል ክፍል ሠራተኛ ሳቀች። «ጋሼ፣ ሌላ ሰው ቢሰርዘው ዛሬም ራት አይበሉም ነበር።»

«ዛሬስ እበላለሁ» አሉ።

ማታ አዳራሹ ሞልቶ ሰው ቆሞ ነበር። ተንበርክካ ክሩን ስትፈታ የሚያስል እንኳ አልነበረም። ልጁ እግሩን ከጫማው ሲያወጣ አንዲት ሴት ከኋላ እልል አሉ፤ አዳራሹ በሙሉ ተከተላቸው። አጎቴን በትከሻ ተሸክመን መድረክ ላይ አወጣናቸው። ከዚያ በኋላ ለኪነት ቡድኑ ሌላ አዘጋጅ የፈለገ የለም፤ «ይቅር» የሚለው ቃላቸውም ከልምምድ ጠፍቶ አያውቅም።

አጎቴ አርፈው አርባቸው ከወጣ በኋላ የእኔን ተውኔት መለማመድ ጀመርን። ተዋናዮቹ አንድ ረጅም ንግግር ላይ ሲደርሱ ቆሙና ወደ አጎቴ ባዶ ወንበር ዞሩ። «ይቅር» የሚላቸው አልነበረም። ብዕሬን አወጣሁና ከምወደው መስመር ጀምሬ ሰረዝሁ።