የሽማግሌው ዋሽንት

ሚድታውን ሲኒማ ቤት ከልጄ ጋር ፊልም እያየን ሳለ የአየርላንድ ዋሽንት ተሰማ።

የስምንት ዓመት ልጅ እያለሁ እናቴ ሆም ኬር ትሠራ ነበር፤ ሽማግሌዎችን ቤታቸው እየሄደች ትንከባከባለች። ትምህርት ቤት ሲዘጋ፣ ስማይርና የሚባል ከተማ ወደሚኖሩ አንድ አይሪሽ ሽማግሌ ቤት ይዛኝ ትሄዳለች። ሽማግሌው ዕድሜያቸውን ሙሉ ለፊልም ሙዚቃ ዋሽንት ሲነፉ የኖሩ ናቸው። የቆርቆሮ ዋሽንታቸው ሜንታ ከረሜላ ይሸታል።

«እኔን የሚጠሩኝ ፊልሙ ላይ ሰው ሊሞት ሲል ነው» አሉኝ አንድ ቀን።

ቀልድ መስሎኝ ሳቅኩ። እሳቸው ግን አልሳቁም፤ ቀስ ብለው መንፋት ጀመሩ።

እናቴ ብርድ ልብሳቸውን ስታስተካክል እንደ በረዶ የቀዘቀዘ እግራቸውን ነካችና ፊቷ ተለዋወጠ።

«ሂጂ፣ መኪና ውስጥ ጠብቂኝ» አለችኝ።

«ለምን?»

«ሂጂ አልኩሽ!»

መኪናው ውስጥ ሆኜ ዜማው በክፍቱ መስኮት ይሰማኝ ነበር። መሃል ላይ ተቋረጠ። እስኪቀጥል ጠበቅኩ፤ አልቀጠለም። እናቴ ስልክ ጆሮዋ ላይ አድርጋ በረንዳው ላይ ወጣች፤ ወደ እኔ ግን አላየችም።

አሁን ስክሪኑ ላይ ሙሽሮች ይጨፍራሉ። የልጄን እጅ ያዝኩና «ተነሺ፣ እንውጣ» አልኳት።

ግራ ተጋብታ አየችኝ።

«ማሚ፣ ገና ምንም አልሆነም እኮ!»