የአያ ልጅ የሆንሁበት ረፋድ

በደርግ ጊዜ የያዙኝ ፊልም ሳሳይ ነው። ጎንደር፣ አንድ ወዳጄ ቤት፣ መስኮቱን በብርድ ልብስ ጋርደን፣ ግድግዳው ላይ አንሶላ ሰቅለን። ፊልሙ ድምፅ የለውም፤ ታሪክም የለውም። ወለቃ ሄጄ በትንሽ ካሜራ ያነሣኋቸው የአንዲት ሸክላ ሠሪ እጆች ብቻ ናቸው፤ ጭቃው ሲቦካ፣ ቅርጽ ሲይዝ፣ ሲፈርስ።

መርማሪው «የሚፈርሰው ማን ነው?» አለኝ።

«እንስራ ነው» አልሁት።

በዚያ መልስ ምክንያት ዛሬም በግራ እግሬ አነክሳለሁ። ፊልሙን ፊቴ አቃጠሉት። የአራት ዓመት ሥራዬ ነበር።

የታሰርንበት ክፍል ድሮ የእህል መጋዘን ነበረ። መስኮት የለውም። ቦታ ስለማይበቃን ተራ በተራ እንተኛለን። ጠዋት ጠዋት ስም ይጠራል፤ «ዕቃህን ይዘህ ውጣ» የተባለ ሰው ወደ ቤቱ አይሄድም። በሦስተኛው ሳምንት መብላት ተውሁ። ስሜን ቶሎ በጠሩት እያልሁ እመኝ ነበር።

አጠገቤ ትክል ድንጋይ ከሚባል አገር የመጡ አንድ ገበሬ ነበሩ፤ ሁላችንም አያ እንላቸዋለን። የታሰሩት ልጃቸው ሸማቂዎችን ተቀላቅሎ በረሃ ስለገባ ነው። አንድ ጠዋት የእሳቸው ስም ተጠራ። ዘበኛው «ከምሳ በኋላ ትወጣለህ» ብሏቸው በሩን ዘጋ።

አያ ጋቢያቸውን ሰበሰቡ። ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ።

«አንተ ሰው መስለህ ትጫወታለህ አሉኝ። እውነት ነው?»

«ቴአትር እሠራ ነበር፣ አያ።»

«እስቲ ልጄን ሁንልኝ። ሳልመርቀው ነው የሄደ።»

እንቢ ልላቸው ነበር። ሊሞት በተዘጋጀ ሰው ፊት መጫወት ነውር መሰለኝ። ዓይናቸው ግን አለቀቀኝም። ተነሣሁና በመድረክ ድምፄ «አባቴ ሆይ!» አልሁ።

«ምነው! እንዲህ አይደለም» አሉ። «ልጄ አይጮህም። አንገቱን ደፍቶ ነው የሚናገር።»

አንገቴን ደፋሁ።

«አባየ፣ በእኔ ጦስ ነው ለዚህ የበቁት። ይማሩኝ» አልሁ። ድምፄ የራሴ አልመሰለኝም።

እጃቸውን ራሴ ላይ ጫኑ። «ሸጋ ልጅ ነህ። እኔ አልተቀየምሁህም፤ አንተም ራስህን አትቀየም። እናትህን አደራ።»



ከምሳ በኋላ ሲጠሩ ጋቢያቸውን አራገፉ፤ አጣጥፈው ትከሻቸው ላይ ጣል አደረጉ። ዘበኛው ክንዳቸውን ሊይዝ ሲል «ተው፣ እግር አለኝ» አሉትና ቀድመውት ወጡ። ያን ቀን የመጣልኝን ምግብ በላሁ።

ደርግ ከወደቀ በኋላ ትክል ድንጋይ ሄጄ ልጁን ፈለግሁት። ጠጉሩ ሸብቷል። የሆነውን ሁሉ ስነግረው አንገቱን እንደ ደፋ፣

«እኔ ምን አልኋቸው?» አለኝ።

ቃል በቃል ነገርሁት።

«አዎ» አለ። «እንደዚያው ነበር የምላቸው።»

ከዚያ ወዲህ ፊልም ሠርቻለሁ፤ የሌሎች ሰዎች ፊልም ላይም ተጫውቻለሁ። ከሥራህ የትኛውን ትወዳለህ ሲሉኝ የአንዱን ስም እጠራላቸዋለሁ። ያቺን ረፋድ ግን ከልጁ በቀር ለማንም አንሥቼ አላውቅም፤ የእኔ አልነበረችም። ልጁ ባለፈው ዓመት ስላረፈ ነው አሁን የጻፍኋት።