እንቁራሪቷ ያልደረሰችበት ደሴት

ዛሬ የሳይንስ አስተማሪያችንን መምህር ከድርን ኮልፌ አፈር አልብሰን ተመለስን። አላህ ይማራቸው።

በጃንሆይ ጊዜ ስምንተኛ ክፍል ያስተማሩን ናቸው። አንድ ቀን «ሞቃት ባሕር መሐል ብቻዋን ያለች ደሴት ላይ ማን ቀድሞ ይደርሳል? እንቁራሪት ወይስ እንሽላሊት?» ብለው ጠየቁን።

ክፍሉ በሙሉ «እንቁራሪት!» ብሎ ጮኸ። መዋኘት ትችላለች አይደል! የአስኮን ወንዝ እንጂ ባሕር የት አይተን እናውቃለን?

አልሳቁብንም። «ባሕር ጨው ነው፤ የእንቁራሪት ቆዳ ጨው አይችልም፣ ትሞታለች። እንሽላሊት ግን ጎርፍ የነቀለው ግንድ ላይ ተጣብቃ ትሄዳለች። ብዙዎቹ መንገድ ላይ ይቀራሉ። ደሴቷን የሚሞሉት የደረሱት የጥቂቶቹ ልጆች ናቸው» አሉን።

(እኔ ፈተናው ላይም «እንቁራሪት» ብዬ ነው የጻፍኩት። እልኸኛ ነበርኩ።)

የክፍላችን ጎበዞች በአብዮቱ ዓመታት አለቁ። ዛሬ ቀብሩ ላይ የተገኘነው ሦስት ነን።

ያኔ ከኋላ ወንበር የማይነሳው ሸምሱ አፈሩን ከእጁ እያራገፈ «መዋኘት የሚችሉትማ መንገድ ላይ ቀሩ። እኛ ግንድ ይዘን ደረስን» አለ።



ከእናንተ ክፍልስ ማን መንገድ ላይ ቀረ? ስሙን እዚህ ጻፉልኝ።